መኳንንቱን ከነመጽሐፋቸው የጠረጠሩት መምህር ዘመድኩን ተካ

መምህር ዘመድኩን ከአባታቸው ከአቶ ተካ ኪዱ እና ከእናታቸው ከወይዘሮ አደይ ምስጋና በእንሴኖ አቅራቢያ በ1946 ዓ.ም. በመስከረም ወር ተወለዱ። ቀኑን ያልጻፍነው ረስተነው አይደለም። እናታቸው ከመስቀል በፊት ነው፣ አክስታቸው ከመስቀል በኋላ ነው ይሉ ስለነበር እርሳቸው ሁለቱንም ሳያምኑ ኖረዋል።

ከሰባት ዓመታቸው ጀምሮ ቡታጅራ በዘመድ ቤት ተቀምጠው ተማሩ። በ1966 ዓ.ም. በመምህርነት ሠልጥነው መጀመሪያ ወልቂጤ፣ ከ1974 ዓ.ም. ወዲህ ደግሞ ቡታጅራ እስከ ጡረታቸው ድረስ ታሪክ አስተማሩ። «ጠርጥር፣ ገንፎም ውስጥ አለ ስንጥር» ሳይሉ ትምህርት ስለማይጀምሩ ተማሪዎቻቸው ስማቸውን «ጋሽ ጠርጥር» አሉት። ስሙን ያወጣው ማን እንደሆነ ለማወቅ ሁለት ዓመት ሙሉ አጣርተዋል፤ አላገኙትም።

በ1971 ዓ.ም. ከወይዘሮ ትርሲት ጋር ጋብቻ መሠረቱ። ሽማግሌዎች እስከ ሰባት ቤት ቆጥረው ዝምድና የለም ቢሏቸውም ቆጠራውን ስላላመኑ ራሳቸው ከመንደር መንደር ዞረው እንደገና ቆጥረዋል። ወይዘሮ ትርሲት «እሱ ቆጥሮ እስኪጨርስ ልሸብት ነበር» እያሉ ይቀልዱባቸዋል። ከዚህ ትዳር ሆሳዕናና ምንተስኖት ተወልደዋል።

መምህር ዘመድኩን ስለ መሳፍንትና መኳንንት የተጻፈ መጽሐፍ ሲያገኙ ሳይገዙ አያልፉም ነበር። የደጃዝማቹም፣ የፊታውራሪውም፣ የቀኛዝማቹም ታሪክ በቤታቸው ሞልቷል። የሚገዙት ግን ሊያምኑት አልነበረም። አያቱን የልጅ ልጅ ከጻፈው መጽሐፉ የሠርግ ዘፈን ነው ይሉ ነበር። ሁሉም ደግ፣ ሁሉም ጀግና፣ ሁሉም ለድኻ አዛኝ በሆነበት አገር ድኻው ከየት መጣ ብለው ይጠይቁና በኅዳጉ ላይ በቀይ እስክሪብቶ «ይጣራ» ብለው ይጽፋሉ።

በ2009 ዓ.ም. የመስቀል ሰሞን የአካባቢው ባላባት የነበሩት የፊታውራሪ ያረጋል ቤተሰቦች ስለ አባታቸው ዳጎስ ያለ መጽሐፍ አሳትመው ለእንግዳው ሁሉ አደሉ። በመጽሐፉ ውስጥ በእንሴኖ መንገድ ያለውን የውኃ ጉድጓድ በ1955 ዓ.ም. ፊታውራሪ አስቆፍረው ለሕዝብ እንደሰጡ፣ ይህም «ከታመነ ሰነድ» እንደተገኘ ተጽፏል። መጽሐፉ በታተመበት ዓመት ጉድጓዱ ታጥሮ የፊታውራሪ ስም ያለበት ድንጋይ ቆመበት።

የጉድጓዱ ጎረቤት ወይዘሮ ሰፍያ ሙዝደሊፋ ወደ መምህር ዘመድኩን መጥተው አባታቸው አቶ ሙዝደሊፋ ጉድጓዱን ከሁለት ወንድሞቻቸው ጋር እንደቆፈሩት፣ አንደኛው ወንድም አፈር ተንዶበት እዚያው እንደቀረ ነገሯቸው። መምህሩ እርሳቸውንም ጠረጠሩ። አምስት ሽማግሌዎችን ለየብቻ ጠይቀው አምስቱም አንድ ቃል ከሰጡ በኋላ ግን ጥርጣሬያቸው በሙሉ ወደ መጽሐፉ ዞረ። አዘጋጁን ጠረጠሩ፤ አሳታሚውን ጠረጠሩ፤ ሰነዱን አላሳይም ያለውን የቤተሰብ ኮሚቴ ጠረጠሩ። አዘጋጁ ወደሚኖርበት ወልቂጤ ሦስት ዓመት ተመላለሱ። በመጨረሻ አዘጋጁ ሰልችቶት ያን የታመነ ሰነድ አውጥቶ ሰጣቸው።

ሰነዱ በ1984 ዓ.ም. በፊታውራሪ ልጅ በአቶ ይትባረክ ያረጋል ቀብር ላይ የተነበበ የሕይወት ታሪክ ነበር። የእጅ ጽሑፉም የመምህር ዘመድኩን ነበር።

ያኔ ቤተሰቡ ጽሑፉ ያምራል ብሎ ለምኗቸው፣ ሬሳው ሳይወጣ ለማድረስ ተጣድፈው፣ የሟች አባትም ስም በደግ ይነሣ ሲባሉ ሙት ወቃሽ ላለመሆን የተነገራቸውን ሁሉ ጽፈው ነበር። ጉድጓዱ ሲቆፈር ቡታጅራ ተማሪ ስለነበሩ አላዩም፤ አልጠየቁምም። ሰውን ሁሉ ሲጠረጥሩ ኖረው አንድ ቀን ያልጠረጠሩት ራሳቸውን ነበር። ከወልቂጤ ሲመለሱ ምሳ አልበሉም፤ ሳምንቱን ሙሉም መጽሐፍ አልገለጡም። አፍረው ነበር።

ለኮሚቴው የእርማት ደብዳቤ ጻፉ፤ የታተመ ታትሟል ተባሉ። ወይዘሮ ሰፍያ ቤት ሄደው ይቅርታ ሲጠይቁም ወይዘሮዋ «ወላሂ መምህር፣ ያኔ በሕዝብ ፊት ነው የተነበበው። አሁን ለእኔ ብቻ በጓዳ ቢነግሩኝ ለአባቴ ምን ይሠራለታል?» አሏቸው። መምህሩም እውነትሽን ነው ብለው ወጡ።

በ2016 ዓ.ም. ክረምት የኩላሊት ሕመም ጀመራቸው። የመጀመሪያውን ሐኪም አላመኑም፤ ሁለተኛውንም አላመኑም። ሦስተኛው ያንኑ ሲደግም ግን ልጆቻቸውን ጠርተው በቀብራቸው ላይ እንዲነበብ ይህን ጽሑፍ አዘዙ። የፊታውራሪ ቤተሰቦች ለቅሶ ሊደርሱ እንደሚመጡ እናውቅ ስለነበር እኛ ልጆቻቸው ፈራን፤ የጉድጓዱ ነገር ይቅር ብለን ለመንናቸው። እሺ ማለታችንን ስላላመኑም እንዲያስነብቡ እናታችንን በመስቀል አስማሉ።

መምህር ዘመድኩን ጥር 14 ቀን 2017 ዓ.ም. በተወለዱ በ71 ዓመታቸው አረፉ። ባለቤታቸውን፣ ሁለት ልጆቻቸውንና አራት የልጅ ልጆቻቸውን ትተው አልፈዋል። ቀጥሎ ያለው ቃል የራሳቸው ነው፤ አንድ ፊደል አልነካንም።

«በእንሴኖ መንገድ ያለውን ጉድጓድ የቆፈሩት አቶ ሙዝደሊፋ ናጃህና ወንድሞቻቸው ናቸው። ፊታውራሪ ያረጋል አልቆፈሩም፤ አላስቆፈሩም። አስቆፈሩ ብዬ ሳላይ የጻፍኩት እኔ ዘመድኩን ተካ ነኝ። ያኔ የሰማችሁ አሁን ስሙልኝ።»

ወይዘሮ ሰፍያ ከሴቶቹ መካከል ቆመዋል። በዚህ ጽሑፍ እኛም ያላየነውን ጽፈን ከሆነ፣ ያየ ሰው አፈሩ ሳይመለስ አሁኑኑ ይናገር።

ዝም ካላችሁ መስክራችኋል። ሁሉን የሚያውቅ አምላክ ነፍሳቸውን ከደጋጎቹ አጠገብ ያሳርፍልን። አሜን።