ከዓርብ እስከ ሰኞ ያለ ጠባቂ

ጥቅምት 4
ጠዋት የሥራ ማመልከቻ አስገብቼ ደስ ብሎኝ ስመለስ፣ እማዬ መተላለፊያው ላይ ከበያጁ ጎረቤታችን ጋር ቆማለች። ወደ ቤታችን የሚያስገባው መንገድ መተላለፊያው ብቻ ነው፤ ሰውየው ብረቱን ሞልቶበታል። "የጋራ ነው እኮ፣ ትንሽ ጠጋ አድርገው" አለችው።
"አፍሽን እበይደዋለሁ!"
እማዬ ቀልድ መስሏት ሳቀች። እሱ አልሳቀም።

ጥቅምት 6
ዛሬ ፌሮ ብረት ይዞ መንገድ ዘጋብኝ። "ምሩቋ! ዲግሪሽ ብረት ይመክታል?"
ፖሊስ ጣቢያ ሄድኩ። "ነካሽ?" አለኝ ተረኛው።
"አልነካኝም፣ ግን..."
"እህቴ፣ ካልነካሽ ምን ብዬ ልያዘው? ፍርድ ቤት አመልክቺ። ትዕዛዝ ካመጣሽ እንጠብቃችኋለን።"
ጎረቤት ሲዝትብህ፣ ፖሊስ እንዲሰማህ የግድ መመታት አለብህ እንዴ?... አመለክታለሁ። ለምን አላመለክትም?

ጥቅምት 13
ዳኛዋ "የምትፈሪው ምንድን ነው?" አሉኝ።
"ቤቴ መግባት" አልኩ።
ፈቀዱልን! እስከ መጪው ሐሙስ ቀጠሮ ፖሊስ ይጠብቀን፣ እሱም አይጠጋን። የመዝገብ ቤቷ ልጅ "ትዕዛዙን ቀጥታ ጣቢያ አድርሺው" አለችኝ።
ቀጥታ... እኔ መች ያስችለኛል? በሱ በር ሳልፍ ግልባጩን ሰጠሁት። አንብቦ ሲጨርስ ከኋላዬ መንገዱን አየት አደረገ።
"ፖሊሱስ?"
ጣቢያ ስደርስ ደብዳቤ ተቀባዩ ወጥቷል። "ሰኞ ነይ።" ዓርብ ከሰዓት መሆኑ እንኳ ትዝ አላለኝም። ምን ነካኝ?

ጥቅምት 14
የመተላለፊያውን በር በየደው። በጠራራ ፀሐይ። እኛ ውስጥ ሆነን!
በስንጥቁ ሰማያዊ ብርሃን ብልጭ ድርግም ይላል። እየሠራ ያፏጫል። እማዬ አልጋው ጠርዝ ላይ ተቀምጣ አፏን በእጇ ይዛለች።
ጣቢያ ደውዬ በሩን እንደበየደብን ነገርኳቸው። "ትዕዛዙ እኛ ጋ አልደረሰም።"
"እጄ ላይ ነው!"
"እንግዲያው አምጪው።"
በየት በኩል?...

ጥቅምት 15
አሁንም ያፏጫል። ውሃ አለን። እንቅልፍ የለም።

ጥቅምት 16
የጎረቤታችን የልብስ ሰፊዋ መስኮት ወደኛ ግቢ ነው። መጋረጃቸው ሲነቃነቅ ሳይ ነበር። ዛሬ ማለዳ መስኮቱን ከፈቱት። "ነይ በኔ በኩል ውጪ፣ ቶሎ በይ! እኔን አላየሽኝም።"
እማዬን አስቀደምን። "በዚህ ዕድሜዬ በመስኮት!" ብላ ስትስቅ እንባዋ መጣ።
ትዕዛዙን አስገባሁ። ሁለት ፖሊሶች መጥተው በሩን ራሱ በያጁ ቆርጦ እንዲከፍት አደረጉት፤ ከዚያ ይዘውት ሄዱ። ማታ ግን ለቀውት ተመልሷል። ፖሊስ ጠዋትና ማታ ብቅ ይላል። በመሃሉስ?

ጥቅምት 18
ነገ ቀጠሮ ነው። ሰውየው "በሩ ተሰብሮ ስጠግን ነው" ሊል ነው አሉ። ምስክር ከሌለን ትዕዛዙ ሊነሳ ይችላል።
ያለፈው ሳምንት ቢሆን ብቻዬን እሮጥ ነበር። ዛሬ የልብስ ሰፊዋን በር አንኳኳሁ። የስፌት መኪናው ቆመ። በሩ አልተከፈተም።
"ልጄ፣ እኔም እኮ ብቻዬን ነኝ" አሉ ከውስጥ። "የኔም በር ብረት ነው።"
ወደ በሩ ተጠጋሁ።
"እትዬ፣ እኔም እፈራለሁ። ግን የእርስዎን በር እኛ እናያለን፣ የኛን እርስዎ ያያሉ። ነገ አብረን እንሂድ? አይክፈቱልኝ ግድ የለም... ብቻ እባክዎ መልስ ይስጡኝ።"