ጠያቂዋ ዘይነብ

ደብረ ታቦር፣ ሰኔ 11 ቀን 2017 ዓ.ም.

ለምወድሽ ልጄ ለሠናይት፣

እንዴት ሰነበትሽ? እኔም እናትሽም ደህና ነን። ክረምቱ ገብቷል፤ የጓሮው ድንች ቅጠል አውጥቷል፤ እናትሽም አጥሩን ጠግን እያለች ጠዋት ማታ ትጨቀጭቀኛለች። ይህን ደብዳቤ ጀምሬ ትቼ፣ ትቼ ጀምሬ ነው የምጽፈው። ጥቂት እጽፍና እነሳለሁ፤ በመስኮት መንገዱን አይና ተመልሼ እቀመጣለሁ። እናትሽ «ፈተና ሲያርም ከወንበሩ የማይነቃነቅ ሰው ዛሬ ምን ነካው?» እያለች ትስቅብኛለች።

በስልክ ልነግርሽ እችል ነበር። ነገር ግን መስመሩ አንድ ቀን ሠርቶ ሁለት ቀን ይጠፋል፤ ሲሠራም ሐሳቤን ሳልጨርስ ቀድመሽ ትመልሺልኛለሽ። በደብዳቤ ግን ጣልቃ መግባት የለም። ዩኒቨርሲቲ የሚያስተምረው ጎረቤታችን ሀብታሙ ዓርብ ለስብሰባ ወደ አዲስ አበባ ስለሚበር በእጅሽ ይሰጥሻል። እባክሽ እስከ መጨረሻው ሳታነቢ ስልክ አታንሺ።

ጉዳዩ ያው የላክሽኝ ጉዳይ ነው። መምህር ነኝና ከሥሩ ልጀምር። በአዲሱ ፊልምሽ የዘፈኖችሽን መነሻ ልታሳዪ አስበሻል። ቀረጻው ለቡሄ ሰሞን እዚህ ይጀመራል። «መናኸሪያ» የሚለው የመጀመሪያው ዘፈንሽ ከልጅነት ጓደኛሽ ከዘይነብ ኸድር ታሪክ የወጣ በመሆኑ፣ እሷ ካሜራ ፊት ካልተናገረች ፊልሙ ፊልም አይሆንም አልሽኝ። ከዚያም «አባዬ፣ አንቱን እምቢ አትልም፤ ይለምኑልኝ» አልሽ። ይኸው ነው። ያላልሽው ነገር ዘፈኑ ከወጣ ጀምሮ አሥራ አራት ዓመት ሙሉ ዘይነብ ሰላምታሽን እንኳ እንደማትቀበል ነው። እንዲህ ያለ ነገር «እስቲ እሺ በይ» በማለት ብቻ አይፈታም። ስለዚህ እንደ አገሩ ደንብ ሽማግሌ ይዤ ሄድሁ።

አረፋ ባለፈ በሁለተኛው ቀን፣ እሑድ ከሰዓት በኋላ ነበር። ወርቅ ሠሪው ሐጂ ሙሐዲን አብረውኝ ነበሩ፤ ከእኔ ጋር በጡረታ የወጣው የስፖርት መምህሩ ታደሰም ነበር። ኸድር የልብስ ስፌት መኪናውን ዝናብ እንዳይመታው ከበረንዳው ወደ ቤት ሲያስገባ ደረስን። ሦስት ሽማግሌ ከዘራ ይዞ በሩ ላይ መቆሙን ሲያይ ፊቱ በራ።

«ግቡ፣ ግቡ! ተቀመጡ እንጂ!» አለ።

«የመጣንበት ሳይሰማ አንቀመጥም» አሉ ሐጂ፣ እንደ ደንቡ።

ኸድር ወደ ጓዳ ዞሮ «ሻይ ጣዱ!» ብሎ ጮኸ። ኮፍያውን አስተካከለ። ከዚያ ድምፁን ዝቅ አድርጎ፣ «እሺ… የማን ልጅ ነው?» አለን።

እርስ በርሳችን ተያየን። ለዘይነብ ጋብቻ ልንጠይቅ የመጣን መስሎታል። እኔ ሐጂን በክርኔ ጎሸም አደረግኋቸው።

«ኸድር፣ የመጣነው ለዕርቅ ነው» አሉ ሐጂ ቀስ ብለው። «የላከችን የመምህር ይሻው ልጅ ናት።»

«ለዕርቅም ቢሆን ይቀመጣል» አለ ኸድር፤ መደቡንም በእጁ ጠረገልን። «ሽማግሌ በዚህ በር ከገባ ስንት ዘመኑ! ሁለት ጊዜ መጥተው ነበር። ኋላ ዘፈኑን ሲሰሙ ‹ልጅቷ የምትጠብቀው ሰው አላት› ብለው በዚያው ቀሩ።»

ይህን ተናግሮ አፉን ሳይገጥም የታደሰ ኪስ መዝፈን ጀመረ፦

መናኸሪያ ቆሜ አቧራው ሳይበርድ፣
አውቶቡስ ሲገባ ልቤ ነው የሚወርድ።

ስልኩ ሲጠራ የሚያሰማው ያንቺን ዘፈን ነው! ታደሰ ከኮቱ ኪስ ወደ ሱሪው፣ ከሱሪው ወደ ጋቢው ሥር ሲዳብስ ስንኙ ተደገመ።

«አጥፋው እንጂ፣ አንተ ሰው!» አሉ ሐጂ።

«ሚስቴ ናት የደወለችው…»

«ማን እንደደወለ መቼ ጠየቅንህ!»

ዘይነብ ሻዩን ይዛ ከጓዳ የወጣችው በዚያች ቅጽበት ነው። ትሪውን እንደያዘች ቆመች። «ጋሼ ታደሰ፣ አንቱም?» አለችው። ታደሰ ላብ አጠመቀው። «ዜማው ደስ ብሎኝ ነው እንጂ ቃሉን አላዳመጥሁትም» አለ። ሻዩን ለሁላችንም አደለች፤ ለእሱም ጭምር። ከዚያ ወደ እኔ ዞራ፣ «ጋሼ፣ የመጣችሁበትን ሰምቻለሁ። ለሚቀጥለው እሑድ ተመለሱ» ብላ ገባች። ወጣን። ሐጂ እስከ አደባባዩ ድረስ ታደሰን አላናገሩትም።

ያ ሳምንት አላልቅልሽ አለኝ። እንደምታውቂው ከሰዓት በኋላ ወደ መናኸሪያ እወርዳለሁ። ለእግሬም ይጠቅመኛል፤ ጋዜጣም ከባሕር ዳር ይመጣል። እናትሽ «መንገዱ ከታወከ ወዲህ የምን ጋዜጣ ነው የሚመጣው?» ትለኛለች፤ እኔ ግን አንዳንድ ቀን ይመጣል ባይ ነኝ። የዘይነብ ጨርቃ ጨርቅ ሱቅ ከመናኸሪያው በር ፊት ለፊት ነው። አውቶቡስ በገባ ቁጥር ረዳቶቹ «ዘይኑ፣ ገባልሽ!» እያሉ ይጮኻሉ። ለዓመታት ስሰማው ተራ ቀልድ ይመስለኝ ነበር። በዚህ ሳምንት ግን ፊቷን አየሁት። ጨርቅ የምትለካ እጇ አይቆምም፤ አንገቷ ግን ይደርቃል።

አሁን የምጽፈውን በቁጣ እንደተጻፈ አትቁጠሪብኝ።

ሥራሽን የማልከታተል ይመስልሽ ይሆናል። አንበሳሜ የተመደብሽበትን የመምህርነት ሥራ በዓመትሽ ጥለሽ ዘፈን ልጽፍ ነው ስትዪኝ ማዘኔን አልደበቅሁሽም። ዘፈኖችሽን ግን አንድ ሳይቀር ሰምቻለሁ። በሰኔ ገብስ የምታሳጭጂበት አንድ ዘፈን አለሽ፤ በእኛ አገር ሰኔ ገብስ የሚዘራበት ነው እንጂ የሚታጨድበት አይደለም ስልሽ «ቤት እንዲመታልኝ ነው» ብለሽ ሳቅሽ። ዘፋኞቹ ሲገንኑ ስምሽ በሲዲው ጀርባ በደቃቅ ፊደል መቅረቱ ሰለቸሽና ጋዜጠኛ ሆንሽ። ጋዜጣው ሲዘጋ ሬዲዮ ገባሽ፤ የቅዳሜ ፕሮግራምሽን እናትሽ ጎረቤት ጠርታ ታሰማ ነበር። አሁን ደግሞ ፊልም። ስለ ጣና ደንገል ቆራጮች የሠራሽውን ሀብታሙ በኮምፒውተሩ አሳይቶናል። በርትተሽበታል። አንድ ነገር ብቻ ቅር አለኝ፤ ታንኳ ሠሪው ሽማግሌ «ልጆቼ ግን…» ብሎ ሲጀምር ቆረጥሽውና ውሃውን አሳየሽን። ልጆቹ ምን ሆኑ? እስከ ዛሬ አስባለሁ።

ከአንዱ ሥራ ወደ ሌላው መዘዋወርሽን አልነቅፍም። አንድ ቦታ መቀመጥ አልሆነልሽም፤ እኔም ይህን አንቀጽ የጻፍሁት ሁለት ጊዜ ተነስቼ ነው። ነገር ግን በሄድሽበት ሁሉ ዘይነብን ይዘሻት ዞረሻል። በሬዲዮ ስለ «መናኸሪያ» ስትናገሪ «አባቷ ልብስ ሰፊ የሆነ፣ ከደብረ ታቦር መናኸሪያ ፊት ለፊት የምትነግድ ጓደኛዬ» አልሽ። ስሟን አለመጥራትሽ ጥንቃቄ መስሎሽ ይሆናል። አባቷ ልብስ ሰፊ የሆነ፣ መናኸሪያ ፊት ለፊት የምትነግድ ሌላ ማን አለ? ረዳቶቹ መጮኽ የጀመሩት ከዚያ ወዲህ ነው።

ወደ ሁለተኛው ቀጠሮ ልለፍ። ባለፈው እሑድ ኸድር ቤት በር ላይ ስንደርስ ሐጂ ታደሰን አስቁመው «ኪስህን ገልብጥ» አሉት። ስልኩን ቤቱ ትቶት ነበር። የሰኔ ጾም ስለገባ ሻይና ተምር ቀረበልን። ዘይነብ በዚህ ጊዜ አልቆመችም፤ ከአባቷ ጎን ተቀመጠች።

«ጋሼ ይሻው» አለችኝ፣ «እጮኛዬ የነበረው ኢብራሂም ወደ ጅዳ የሄደ ቀን ከመናኸሪያው የተመለስነው ከሠናይት ጋር ነው። በመንገድ ላይ ሁለት ነገር ነገርኋት። ማልቀሴን ነገርኋት፤ እሱንማ እሷም አይታለች። ሂድ ያልሁት እኔ መሆኔንም ነገርኋት። ‹ሱቁን ዝጊና ቤት ተቀመጪ› አለኝ፤ አልዘጋም አልሁት። የሰጠኝን ወርቅ በዋዜማው መለስሁለት። ያለቀስሁት ስለምወደው ነው፤ ይመለስልኝ ብዬ አይደለም። አንድም ቀን ጠብቄው አላውቅም። እሷ እንባዬን ዘፈኑ ውስጥ ከተተችና ወርቁን መመለሴን ተወችው።»

ሐጂ ሙሐዲን ብርጭቋቸውን አስቀመጡ። «ወላሂ እውነቷን ነው! ወርቁን የሠራሁት እኔ ነኝ። ኢብራሂም በዚያው ምሽት ይዞት መጥቶ ለመንገዱ ሸጠልኝ።»

«ታዲያ ሐጂ፣ አገር ሁሉ ጠባቂ ሲያደርገኝ ምነው ዝም አሉ?»

«ማን ጠየቀኝ?» አሉ።

ዘይነብ ቀጠለች። «ዘፈኑ እንባዬን ወሰደ። ሬዲዮው ቤቴን አሳየ። አሁን ፊልሙ ፊቴን ይፈልጋል። እሷ ጠይቃ እኔ ከመለስሁ ያው ነው፤ የወደደችውን ይዛ ሌላውን ትጥለዋለች። እምቢ አልልም፤ ግን ጠያቂዋ እኔ እሆናለሁ። እሷ ሱቄ ውስጥ ደንበኛ የሚቀመጥበት በርጩማ ላይ ትቀመጥ፤ ካሜራው ወደ እሷ ይዙር። ወርቁን ለምን እንደተወችው ሰው ሁሉ እየሰማ ትንገረኝ። ሳትጨርስ አላቋርጣትም። እሷም ከፊልሙ ውስጥ ጥያቄዬን አትቁረጥብኝ።»

«አንቺስ ለዳኝነት እንጂ ለጨርቅ አልተፈጠርሽም» አለ ኸድር። ስትስቅ አየኋት፤ ከአንቺ ጋር ትምህርት ቤት ደጃፍ ላይ ትስቅ እንደነበረው።

እኔም እንደ ልማዴ የፈተናው ይዘት ምን እንደሆነ ጠየቅሁ። «ሌሎቹን ስትመጣ ትሰማቸዋለች። የመጀመሪያውን ግን ይጻፉላት» አለችኝ። «ደብረ ታቦር መናኸሪያ ቆሞ፣ አውቶቡስ በገባ ቁጥር የሚወርደውን ሰው ሁሉ ፊት ፊቱን የሚያየው ማን ነው? ብላ ጠየቀችሽ ይበሏት።»

ኸድር ወደ ሻዩ አቀረቀረ። ሐጂ መቁጠሪያቸውን ያዙ። ዘይነብ ግን ዓይኗን ከእኔ አላነሳችም። «እኔ ከሱቄ ሆኜ ሁሉን አያለሁ፣ ጋሼ» አለች በለሰለሰ ድምፅ።

ጥያቄውን እንደተባለው አስፍሬዋለሁ። ለምን ያንን እንደመረጠች አልጠየቅኋትም። እኔ የምወርደው ለጋዜጣ መሆኑን ነግሬሻለሁ።

ምክሬን ከፈለግሽ፣ ተቀበያት። ፊልምሽ ይበላሻል ብለሽ አትስጊ፤ ቢበላሽም ደግሞ ሌላ ትሠሪያለሽ፤ ዘይነብ ግን ሌላ ስም የላትም። ከሰው በፊት ካሜራ አትላኪ። ቀድመሽ ብቻሽን ነይና ሱቋ ግቢ፤ ማውራት ካቃተሽ ጨርቅ ግዢ። ቤትሽ ከመጣሽ ይህ አራተኛው ክረምት ነው፤ እናትሽ ያንቺን ክፍል በየሳምንቱ ትጠርገዋለች። እስከ ባሕር ዳር በአውሮፕላን ነይ፤ ከዚያ በወረታ በኩል በሚኒባስ። ከመሳፈርሽ በፊት መንገዱ ሰላም መሆኑን አጣሪ፤ ሰላም ካልሆነ አንድ ቀንም ቢሆን እዚያው እደሪ። ወፍራም ልብስ ያዢ።

በየደረስሽበት በር የሚከፍትልሽ አይጥፋ። ለመጠየቅ የማትፈሪ እንደሆንሽ ሁሉ ለመመለስም ድፍረቱን ይስጥሽ። ደብረ ታቦር ኢየሱስ በሰላም ያስገባሽ። እናትሽ ሁለቱንም ጉንጭሽን ሳምልኝ ብላ ይኸው ከጀርባዬ ቆማለች።

ከመነሳትሽ በፊት ደውዪ። መስመሩ እምቢ ካለሽም አትጨነቂ። ከባሕር ዳር የሚመጡት መናኸሪያ የሚገቡት ከዘጠኝ ሰዓት በኋላ ነው፤ እዚያው ነኝ።

አባትሽ
ይሻው