ባለሦስት እግሩ ማቆሚያ

ጎንደር፣ የካቲት 1961 ዓ.ም.

ይድረስ ለወንድሜ፣

እንደምን ሰነበትክልኝ? የተሰበረው ክንድህ ገጠመ ወይ? ሲበርድ ይጠዘጥዝሃል ወይስ ተወህ? እናታችን ደህና ናት፤ ጧት ጧት ስምህን እየጠራች ትመርቅሃለች። እኔም በልቼ ጠጥቼ አድራለሁ፣ ይህ ደህና ከተባለ።

ደብዳቤህ ደረሰኝ። ፎቶ ቤት ተቀጥረህ ሙሽራ ታነሳለህ አሉ። የመንግሥት ሥራህን ትተህ፣ ባለህ ሁሉ ያንን የፊልም ካሜራ የገዛኸው የጃናሞራ ሰው በሽተኛውን በቃሬዛ ተሸክሞ ሐኪም ፍለጋ ሁለት ቀን ሲጓዝ ለባለሥልጣኖቹ ላሳይ ብለህ ነበር። አሁን ሙሽሪትን ፈገግ በይ ስትል ታየኝ።

ከሁሉ የከበደኝ ግን «የመካነ ብርሃን ሰዎች ባያውቁ ነው የመቱኝ፤ አንቺም ይቅር በያቸው» ያልከው ነው። ወንድምዬ፣ ይቅር ባይዋ እኔ አይደለሁም።

ካሜራህ ሊሰበር አንድ ቀን ሲቀረው፣ አንተ ቃሬዛ ተሸካሚዎቹን ልታነጋግር ስትሄድ፣ እኔ የካሜራውን ማቆሚያ ይዤ እዚያው መካነ ብርሃን ትርንጎ ጠላ ቤት ደጃፍ ተቀመጥኩ። የዚያው አገር ገበሬ አያ ቢያዝን አየኝና «ምነው አንቺ፣ ከትምህርት ቤት ኮብልለሽ የእንጨት ፍየል ትጠብቂያለሽ?» አለኝ። ሰው ሁሉ ሳቀ። ንዴቴን ታውቀዋለህ፤ መምህሩ ፊት ደብተሬን ቀድጄ የወጣሁትም በዚሁ ንዴት ነው። «ፍየል አይደለም፣ መሬት መለኪያ ነው። ወንድሜ ነገ ማሳህን ለክቶ ለመንግሥት ይሰጠዋል፣ ያኔ ሳቅ» አልኩት። ሳቁ ቀጥ አለ። ደስ አለኝ። ተመልሼ «ቀልዴን ነው» ብል ያልቅ ነበር፤ ኩራቴ አላስኬደኝም።

በማግስቱ ማቆሚያውን ማሳው ዳር ስትተክል የሆነውን አንተው ታውቃለህ። ዱላው ክንድህ ላይ ሲያርፍ እኔ ከካቡ ኋላ ተደብቄ ነበር።

አያ ቢያዝን አንተን በመምታቱ እዚሁ ጎንደር ታስሯል። ትናንት ስንቅ ይዤለት ሄድኩ። ፖሊሶቹ «መሬት ለኪ ነው ብሎ ማን ነገረህ?» እያሉ ቢያፋጥጡት «ልቤ» ብሏቸዋል። እኔም ምነው ስሜን አልጠራህ ብዬ ብጠይቀው «ልጅ አይደለሽ?» አለኝ። ደግሞ «ያንን ፍየልሽን አምጪና ይህን ቤት ለኪልን፣ ምናልባት ይሰፋልን ይሆናል» ብሎ ሳቀ። ቢሰድበኝ ይሻለኝ ነበር።

ይህን ደብዳቤ ሁለት አድርጌ ጻፍኩት። አንዱ ላንተ ነው፤ ሌላውን ነገ ራሴ ለፖሊሶቹ እሰጣለሁ። እናታችን አልነገርኳትም፤ ነገ አዘዞ አክስታችን ዘንድ የምሄድ መስሏታል። ጋቢዬን አዘጋጅቻለሁ።

እግዚአብሔር ክንድህን ይጠግንልህ፣ ሌላ ሸጋ ካሜራም ይስጥህ። ስታገኝ መካነ ብርሃን ተመለስ፤ ማቆሚያውን ግን ምላሷ ያጠረ ትሸከምልህ። መልስ ስትጽፍ በእናታችን ቤት አትላከው። በአያ ቢያዝን ስም አድርገው፤ ተፈትቶ ስንቅ ሲያመጣልኝ ይሰጠኛል።

እህትህ