ካልሲውን ሳያወልቅ ሻወር ስለገባው የወሰን ኮሚቴ

ለተከበሩ የክልላችን አስተዳዳሪ፣
የብዙ ስብሰባዎች መሪና የአንድ መጽሐፍ ደራሲ፣
ባሉበት

ክቡርነትዎ፣ ጤናዎ እንዴት ሰነበተ? ወገብዎስ? በመጽሐፍዎ ምረቃ ዕለት ሦስት ሰዓት ሙሉ ጎንበስ ብለው ሲፈርሙ ስላየሁ ከዚያ ወዲህ ወገብዎ ያሳስበኛል። እኔ በማተሚያ ቤቱ ጥረዛ ክፍል ሃያ ሁለት ዓመት የሠራሁ፣ ካለፈው ሰኞ ጀምሮ ደግሞ በክቡርነትዎ ትእዛዝ ቤቴ ቁጭ ብዬ እንዳርፍ የተፈቀደልኝ ጠራዥ ነኝ። መጽሐፍዎን ከመጀመሪያው እስከ መጨረሻው ገጽ በእጄ የነካሁ ምናልባትም ብቸኛዋ ሰው ስለሆንኩ፣ በአደባባይ ብጽፍልዎ እንደ ድፍረት አይቆጠርብኝም ብዬ ተስፋ አደርጋለሁ።

አንባቢም እንዲከተለን ነገሩን ከሥሩ ላስረዳ። ባለፈው ዓመት በአንድ ሳምንት ውስጥ ሁለት መጻሕፍት ወደ ክፍላችን ገቡ። አንደኛው ስለ ክልላችን ፖለቲካና እርስዎ በዚያ ውስጥ ስላለዎት የማይናቅ ድርሻ ክቡርነትዎ የጻፉት ነው። ሁለተኛው የከተማችን እግር ኳስ ክለብ ትጥቅ ያዥ ሆኖ ሠላሳ ዓመት ያገለገለው አባቴ ስለ ክለቡ የጻፈው ነው። ሁለቱም በአንድ መጠን፣ በአንድ ዓይነት ወረቀትና ፊደል፣ እያንዳንዳቸው አሥራ ስድስት ገጽ ባላቸው ዘጠኝ እጥፋቶች ታትመዋል። የእኛ ሥራ እጥፋቶቹን በረጅም ጠረጴዛ ላይ በተራ ከምሮ፣ እየተራመዱ ከየክምሩ አንድ አንድ ማንሳትና መስፋት ነው። የአባቴ መጽሐፍ ቀድሞ ጠረጴዛው ላይ ነበር፤ ጽሕፈት ቤትዎ በአንድ ጠዋት ሦስት ጊዜ ደውሎ የእርስዎ እንዲቀድም ስላዘዘ ተገፋ። በዚያ ግፊያ መሀል የሁለቱ መጻሕፍት አምስተኛ ክምሮች ቦታ ተለዋወጡ፤ እኔም እየተራመድኩ አነሳሁ። እጄ ነው፣ በማንም አላሳብብም።

በዚህ ምክንያት አምስት መቶ የእርስዎ መጻሕፍት ከገጽ 65 እስከ 80 ያለውን የአባቴን፣ የታተሙት አምስት መቶ የአባቴ መጻሕፍት በሙሉ ደግሞ የእርስዎን ይዘው ወጡ። በእርስዎ መጽሐፍ የወሰን ጉዳይ ኮሚቴው «ሦስት ቀን ሙሉ ከመከረ በኋላ በሙሉ ድምፅ» ይልና ገጹ ሲገለጥ «ካልሲውን እንኳ ሳያወልቅ ሻወር ገባ» ይላል። በአባቴ መጽሐፍ ደግሞ ግብ ጠባቂያችን «ሽንፈቱን መቀበል አቅቶት ኳሱን በብብቱ እንደያዘ» ይልና «ለቀጣዩ በጀት ዓመት አስተላለፈው» ይላል። ክቡርነትዎ ይቅር ይበሉኝ፣ ይህንን በጻፍኩ ቁጥር ብዕሬን አስቀምጬ መሳቅ አለብኝ።

አሁን ወደ ቅሬታዬ፣ ይቅርታ፣ ወደ ምስጋናዬ ልግባ።

አንደኛ፦ ለምረቃው ከልብ አመሰግናለሁ። ለእንግዶች የታደሉት እነዚያው የተዛነፉት አምስት መቶ ቅጂዎች ነበሩ፤ ልክ የሆኑት ሁለት ሺህ አምስት መቶ እስከዛሬ በካርቶን ናቸው። ስድስት ተናጋሪዎች መድረክ ላይ ወጥተው መጽሐፉን በአንድ ትንፋሽ እንደጨረሱት መሰከሩ። አንድ ምሁር፣ ዓይኔን ግንባር ያድርገው፣ «በተለይ መካከለኛው ምዕራፍ የአስተዳደር ፍልስፍናቸውን ጥልቀት ያሳያል» ብለው መነጽራቸውን ጠረጉ። መካከለኛው ምዕራፍ ስለ ሳሙና ስርቆት ነው።

ሁለተኛ፦ ስለ ንባብ ባህላችን ክቡርነትዎ በየመድረኩ ይጨነቃሉና እንዲደሰቱ አንድ ነገር ልንገርዎ። የአባቴን መጽሐፍ የገዙ ሰዎች ስህተቱን ያወቁት በማግስቱ ነው። ሰፈራችን ያለው ፀጉር አስተካካይ የደንበኛውን ግማሽ ራስ እንደላጨ ትቶ ቤታችን መጣና ግብ ጠባቂው ኳሱን በጀት ውስጥ ያስገባው በየትኛው የውድድር ዘመን እንደሆነ አባቴን ጠየቀው። አባቴ ገጹን አንብቦ እንባው እስኪወርድ ሳቀ፤ ከዚያ የራሱን ገጾች መፈለግ ጀመረ። እኔም ያንኑ ዕለት ለሥራ አስኪያጃችን ሄጄ ጥፋቴን ተናዘዝኩና የሁለቱም ይስተካከል አልኩ። እሳቸው የአባቴን ሽያጭ ብቻ አስቁመው፣ «የክቡርነታቸውን ተይው፣ ማን ይከፍተዋል?» አሉኝ። ይህን በማለታቸው በጣም አዝኜ ነበር። ሰባት ወር ሙሉ ግን ትክክል ነበሩ።

ሦስተኛ፦ ሾፌርዎን ወደ ጠረፍ ጋራዥ ስላዛወሯቸው። እኚህ ሰው ክቡርነትዎ ስብሰባ ሲገቡ መኪና ውስጥ ከመተኛት ይልቅ መጽሐፍዎን ሲያነቡ ከርመው፣ አንድ ቀን በር ከፍተው ሲያስገቡዎ በሙሉ አክብሮት እንኳን ደስ አለዎ ብለዋል። «የአሥራ አንድ ሰው ካልሲ በሁለት ባልዲ አጥበው ለዚህ ወንበር እንደበቁ አላውቅም ነበር፣ ባለቤትዎም የመለያ ቁጥር በእጃቸው እየሰፉ ቤተሰብ ማሳደጋቸው አስለቀሰኝ» አሉ። ክቡርነትዎም የአማካሪዎን ቅጂ አስመጥተው ገጽ 65ን ያነበቡት ያኔ ነው ይባላል። በመላው ክልል መጽሐፍዎን አንብቦ የተነካ አንድ ሰው ተገኘ፣ እሱም ተቀጣ። ሾፌርዎ አሁን በየእሑዱ በአውቶቡስ እየመጡ ከገጽ 80 በኋላ ምን እንደሆነ አባቴን ይጠይቁታል፤ የጋራዡን ሜካኒኮች ማስከተልም ጀምረዋል፣ ወንበር አልበቃንም።

አራተኛ፦ እዚህ ላይ ሳቄን ልሰብስብ። በትእዛዝዎ መሠረት ከእንግዶችዎ ቤት 491 ቅጂ ተሰብስቦ ተመልሷል፣ አብዛኛው ከነሪባኑ። ያልተሸጡት 412 የአባቴ መጻሕፍትም ከዚያው ጋር በአንድ መጋዘን ታሽገዋል። የፊታችን ዓርብ ሁሉም በአንድነት ወደ ወረቀት መፍጫው ይገባሉ። የእርስዎ ወዲያው እንደገና ይታተማል፤ የአባቴ ግን፣ የጽሕፈት ቤትዎን ደብዳቤ ቃል በቃል ልጥቀስ፣ «ለክልሉ ገጽታ ግንባታ ያለው ፋይዳ ስላልታየ» አይታተምም። የተተየበበት ኮምፒውተርም፣ የአባቴ የእጅ ጽሑፍ ደብተሮችም ክቡርነትዎ በእኔ ላይ ለመሠረቱት ክስ በኤግዚቢትነት ተወስደው የት እንደገቡ የሚነግረን አጥተናል።

ስለዚህ አባቴ አሥራ አንድ ዓመት የጻፋቸው እነዚያ አሥራ ስድስት ገጾች ዛሬ በዓለም ላይ የሚገኙት በእርስዎ መጽሐፍ ሆድ ውስጥ ብቻ ነው። ክለቡ ከሊጉ ሊወርድ አንድ ነጥብ የቀረውን ዓመት የሚተርኩ ናቸው። መለያ መግዣ ጠፍቶ እናቴ የአልጋችንን አንሶላ በቀለም ነክራ፣ ቆርጣ፣ ቁጥሮቹን አንድ በአንድ የሰፋችው በዚያ ዓመት ነው። በአንድ ቁጥር ቦታ ሰባት ቁጥርን ሁለት ጊዜ ሰፍታ ስለነበር ዳኛው ጨዋታ ሊያስቆም ሲል፣ እሷ ከተመልካች መሀል መቀስ ይዛ ወርዳ አንዱን ሰባት አንድ አድርጋ ተመለሰች። እናቴ ከሞተች ስድስት ዓመቷ ነው። በመጽሐፉ ውስጥ ያለችው በነዚህ ገጾች ብቻ ነው፤ አባቴም መጻፍ የጀመረው ስለ ክለቡ እየመሰለን ስለ እሷ ነበር። ይህን ማንም አልነገረኝም፣ ሳጥፈው ነው ያነበብኩት።

ልመናዬ አንድ ነው። የመጋዘኑን ቁልፍ ለሁለት ሳምንት ይስጡኝ። ሁለቱም መጻሕፍት እዚያው ጎን ለጎን ናቸው፤ የሚያስፈልገው መርፌ፣ ክርና የእኔ እጅ ነው። ስፌቱን ፈትቼ አምስተኛውን እጥፋት ከእርስዎ አወጣለሁ፣ ወደ አባቴ እመልሳለሁ፣ የእርስዎንም ወደ እርስዎ። ኮሚቴዎ በክብር ጉዳዩን ለቀጣዩ ዓመት ያስተላልፋል፣ ግብ ጠባቂያችንም በሰላም ሻወሩን ይገባል። ከዚያ በኋላ ከሥራ ቢያባርሩኝ፣ ክሱን ቢገፉበትም ቅር አይለኝም፤ አባቴ ሰማንያ አንድ ዓመቱ ነው፣ ዓርብ ግን የፊታችን ነው።

ለጊዜዎ፣ ለትዕግሥትዎና ይህን ደብዳቤ አንብቦ ለሚያስረዳዎ ሰው ያለኝን ምስጋና እየገለጽኩ፣ መጽሐፍዎ እንደገና ሲታተም በአንባቢ እንዲጨናነቅ ከልቤ እመኛለሁ።

ጥፋቷን ያመነች፣ መርፌዋን ያዘጋጀች፣
የክቡርነትዎ ታዛዥ ጠራዥ

ማስታወሻ፦ በክስ ማመልከቻዎ ላይ መጽሐፉን በግል ቅጂዎ ደጋግመው ሲያነቡት እንደኖሩ ገልጸዋል። ከተመለሱት መካከል በራስዎ እጅ «ለራሴ» ተብሎ የተፈረመበትን ቅጂ መጋዘኑ ሳይታሸግ አይቼዋለሁ። የጠርዝ መቁረጫው ስቶት ኖሮ ከገጽ 3 ጀምሮ ገጾቹ በሙሉ በእጥፋታቸው እንደተያያዙ ናቸው፣ ያለ ቢላዋ አንዱም አይገለጥም። ይህም የእኔው ክፍል ጥፋት ስለሆነ በክሱ ላይ እንዲጨመርልኝ በትሕትና እጠይቃለሁ፤ ችሎት ሲጠሩኝ ቅጂውን በማስረጃነት አብሬ እንድይዘው ይፈቀድልኝ።