እማዬ የታሰረችበት ሐሙስ

ጥር 4፣ ከቀኑ 11፡00
አነበብኩ። ዛሬም ፀሐይ ሳትጠልቅ ከማስተምርበት ት/ቤት ሮጬ ደረስኩ። አንድ እጄ እማዬ ግንባር ላይ፣ የአባባ ብራና ጉልበቴ ላይ። ግንባሯ ያቃጥላል፤ እንደ ትናንቱ፣ እንደ አምናው። ስድስት ዓመት ሙሉ ያው ትኩሳት፣ ያው ሐሙስ።

ነገ ስትነቃ እንደ አዲስ ትጠይቀኛለች። ስንታየሁ ደወለ ወይ? ነገ አርብ ይመጣል አይደል? ይመጣል እላለሁ። ወንድሜ ስንታየሁ በዚያ ሐሙስ መኪና ተገልብጦ ሞተ። እማዬ ታማ ተኝታ ነበር፤ ለታመመ ደግሞ መርዶ አይነገርም። አባባ እስክትድን ብሎ፣ በየቀኑ ፀሐይ ሳትጠልቅ ብራናውን እያነበበ ቀኑን አሰረላት። እሱ ታኅሣሥ ላይ ከሞተ ወዲህ አሳሪዋ እኔ ነኝ።

ደብተሬ፣ ለሰው ባወራው ጠበል ውሰዷት ይላሉ። ስለዚህ አንተው ቻለው።

ጥር 7
ሁለት ገበሬዎች ከቁይ ለቅሶ ሊደርሱ መጡ። እማዬ እንዳትሰማ አጥር ሥር አስቀመጥኳቸው። ነፍስ ይማር በሹክሹክታ! እያለቀሱ አወሩልኝ። አባባ፣ ለእነሱ መሪጌታ ልሳነወርቅ፣ ዝናብ ሲመጣ ጀንበሯን ይዞ አውድማ አስጨርሷቸዋል። የአንደኛው ሚስት በምጥ ስትያዝ መኪና እስኪመጣ ሰዓቱን አቁሞላታል። ዲማ ገዳም ሲማር ባሕረ ሐሳብ ላይ አቻ አልነበረውም አሉ። ሌላው በዓል ሲቆጥር እሱ ዕለቷን ማቆም ለመደ።

ዋጋውን አልጠየቁም። ቀን ባሰረ ቁጥር ከራሱ ዕድሜ ነበር የሚጎድለው። በስልሳ ሁለት ዓመቱ ሲሞት የገነዙት ሰዎች የዘጠና ዓመት ሽማግሌ ነው የገነዙት።

ሲሄዱ ጥቁሩን ልብሴን አወለቅኩ። ከሥር አበባ ያለው ቀሚስ እለብሳለሁ። እማዬ ጋ የምገባው በእሱ ነው። አባትሽ የት ሄደ? ዲማ። በየቀኑ ዲማ።

ጥር 11
ጥምቀት። ታቦታቱ በመንገዳችን አለፉ፤ እልልታው ቤቱን አናወጠው። እማዬ ደነገጠች። ለእሷ ሐምሌ ነው። በሐምሌ ምን ጥምቀት አመጣው ብላ ሳቀች። ሰርግ ነው አልኳት። በክረምት የሚደግስ ምን ዓይነት እብድ ነው አለች። እኔም ሳቅሁ። ኩሽና ገብቼ ግን አለቀስኩ።

ጥር 15
ጥርሴ ወለቀ። ዳቦ ስበላ፣ ያለ ሕመም። ሠላሳ አንድ ዓመቴ ነው። ሽበቱን በሻሽ ሸፍኜ ነበር፤ ጥርስን በምን ይሸፍኑታል? የ10ኛ ክፍል ተማሪዎቼ ዛሬ እማማ አሉኝ። ተሳስተው መሰለኝ። አልተሳሳቱም።

ፈራሁ። ለእማዬ ስል እሞታለሁ ማለት ቀላል ነበር። መሞት ሲጀምሩት ሌላ ነው።

ጥር 18
የአባባን ሣጥን ፈተሽኩ። ያሰረበትን ቀን ሁሉ በመቁጠሪያ ደብተር ላይ ጽፏል። በሰባተኛው ቀን ሥር እንዲህ ይላል፦ «ትኩሳቷ አልወረደም። ቀኑ ካላለፈ ሕመሙስ እንዴት ያልፋል? ተሳሳትኩ።»

በሰባተኛው ቀን! እስክትድን ብሎ አሰራት፤ እንዳትድን ያደረጋት ያው ማሰሩ ነው። አውቋል። ከዚያ በኋላ በየገጹ አንድ ነገር ብቻ፦ ነገ እፈታታለሁ። ነገ እፈታታለሁ። ስድስት ዓመት። አገር የሚሰግድለት ሊቅ ለሚስቱ ልጅሽ ሞተ ማለት አቃተው።

ተናድጃለሁ። አባባ፣ ይኸን ለእኔ ትተህልኝ ትሄዳለህ? ዛሬ ደግሞ እኔም አነበብኩ። ምን ይባላል።

ጥር 19
የንስሐ አባታችን ቄስ ሞገስ ጋ ሄድኩ። ሁሉንም ነገርኳቸው። አልተገረሙም፤ ጠርጥረው ኖሯል። ብፈታት ትሞት ይሆን? ስድስቱ ዓመት ባንዴ ይወርድባት ይሆን? ብራናው ስለ መፍታት አይናገርም፣ እሳቸውም አያውቁም። «ልጄ፣ መርዶ ይዘገያል እንጂ አይቀርም። ለልጇ ሳታለቅስለት ብትሄድ ግን ግፉ በማን ነው?» አሉ።

ራሴንም ለማዳን እንደሆነ ነገርኳቸው። ይህም ኃጢአት አይደለም አሉኝ። አላመንኳቸውም።

ጥር 21፣ 11፡40
ብራናው ሣጥን ውስጥ ነው። እማዬ እያንኮራፋች ተኝታለች። ሃያ ደቂቃ ቀረ። እጄ ሁለት ጊዜ ወደ ሣጥኑ ሄደ።

12፡10
ጀንበሯ ጠለቀች። አላነበብኩም።

ጥር 22፣ ከጠዋቱ 12፡30
ሌሊቱን አልጋዋ ሥር ቁጭ ብዬ አነጋሁ። ንጋት ላይ ላብ አጠመቃት። ፊቷ ተጨማደደ፣ ፀጉሯ ጆሮዋ አካባቢ ነጣ፤ እያየሁት። ትንፋሿ ግን አለ። ግንባሯ ቀዝቃዛ።

ቄስ ሞገስና አራት ሽማግሌዎች ደጅ ቆመዋል፤ መርዶ የሚነገረው በማለዳ ነው። አክስቴም አለች፣ ነጠላዋን አፏ ላይ አድርጋ።

እማዬ አሁን ነቃች። አርብ ነጋ አይደል አለች። ስለ ስንታየሁ የምትጠይቅ መስሎኝ ነበር። በጾም ቀን እግዜር ይቅር ይበለኝ እንጂ ራበኝ አለች። ራበኝ! በስድስት ዓመት አንድ ቀን ብላው አታውቅም።

ወጣሁ። ትንሽ ይታገሱኝ አልኳቸው። ቄስ ሞገስ ራሳቸውን ነቀነቁ፤ ሽማግሌዎቹ ድንጋይ ላይ ተቀመጡ።

የአጃ አጥሚቱን ጥጄ ነው ይህን የምጽፈው። ሊፈላ ነው። ሁለት መርዶ በባዶ ሆዷ አትሰማም። ጠጥታ ስትጨርስ በሩን እከፍታለሁ።