አባባን ሌዲስሚት ላይ ጥያቸው የመጣሁት እኔ ነኝ

ለወንድሜ ለሙዚዋንዲሌ ምቹኑ፣ ኬፕታውን

ሰላምታዬ ከደጃፍህ ይጀምርና እስከ ጓዳህ ይግባ። እንዴት ነህ ታናሼ? ያ ሳል ለቀቀህ ወይስ ከባሕሩ ብርድ ጋር ተስማምቶ ደረትህ ውስጥ ቤት ሠራ? ባለቤትህ ኖሉቩዮ ደህና ናት? ትልቁ ልጅህ የፊት ጥርሱ ወልቋል ብለኸኝ ነበር፤ አዲሱ በቀለለት? ትንሿስ ቆማ መሄድ ጀመረች? መርከባችሁስ አሁንም ለሦስት ሳምንት ሄዶ በሁለት ወሩ ነው የሚመለሰው? እኛ ሁላችንም በሕይወት አለን። ብርዱ በርትቷል፣ ሣሩ ደርቆ የከብቶቹ አጥንት ይቆጠራል። እኔም የትምህርት ቤት ዩኒፎርም እየሰፋሁ ዓይኔንና ወገቤን ጨርሻለሁ፤ ሌላው ሁሉ ደህና ነው።

የላክኸው ደብዳቤ ደርሶኛል። አንብቤዋለሁ፤ ደግሜም አንብቤዋለሁ። “ቅርንጫፍ ከዛፍ ነው የሚወጣው፣ ከአባባ አይደለም፤ ይህ ጨለማ ነው፣ እኅቴ ሆይ ተዪው” ብለሃል። እኔም እንዳንተ የተጠመቅሁ ነኝ፤ እሑድ እሑድ ከማንም አስበልጬ እዘምራለሁ። ግን አባታችንን ሆስፒታል አልጋ ላይ ትቼ መዘመር ሆዴ እንቢ አለኝ። ስለዚህ አልተውኩትም፤ ሄጃለሁ። እንዴት እንደሆነ ልንገርህ፣ እስከ መጨረሻው ሳታነብ እንዳታስቀምጠው።

ከባሕሩ ዳር ስትኖር ረስተኸው እንደሆነ፣ በእኛ ቤት ሕፃን እንኳ የሚያውቀውን ላስታውስህ። አባባ ሃያ ስድስት ዓመት የሰው በር የጠበቁት ጆሃንስበርግ ነው፣ የሞቱትም እዚያው ሆስፒታል ነው። አስከሬናቸው መጥቶ በረቱ አጠገብ ተቀበረ። መንፈስ ግን ወደ ቤቱ የሚመለሰው በቁርቁራ ቅርንጫፍ ላይ ሆኖ ነው፤ ቅርንጫፉን ይዞ አልጋቸው ድረስ ሄዶ “ይነሱ፣ ወደ ቤት እንሂድ” ያላቸው ሰው የለም። አንተ ባሕር ላይ ነበርክ። አጎታችን ቤኪፋ ደግሞ መጀመሪያ ጉልበታቸውን አመማቸው፣ ቀጥሎ አዝመራ ነው አሉ፣ ከዚያ የምርጫ ስብሰባ መጣ፤ እንዲህ እንዲህ እያለ ሁለት ዓመት ሞላ። እማዬ ሁለት ዓመት ሙሉ ጥቁሯን አላወለቀችም። ባሏ ቤት ሳይገባ ሐዘን እንዴት ይወጣል? ሰርግ አትሄድ፣ ሰው አትጨብጥ፣ ከበሩ ሥር ሰሌን አንጥፋ ትተኛለች። በሕልሟ የምታያቸው ሰልፍ ላይ ቆመው ነው። አባባ ሰልፍ ምን ያህል እንደሚጠሉ ታውቃለህ። በሜይ ሰውነቷ አልቆ ሳያት፣ እኔ እሄዳለሁ አልኩ።

አጎታችን ሳቁ። “ወንድሜን ሴት ልጅ በቀሚሷ ቋጥራ ልታመጣው ነው?” አሉኝ። እኔም “ወንድ ካለ ይነሳ፣ ቁጭ ብዬ እጠብቃለሁ” አልኳቸው። ማንም አልተነሳም። ቅርንጫፉን ከቁልቁለቱ ዛፍ ላይ የቆረጡልኝ ግን እሳቸው ናቸው፤ እያጉረመረሙ፣ አንድ እሾህ አውራ ጣታቸው ላይ ተሰክቶ።

ጎረቤታችን እትዬ ማዞንዲ አብረውኝ ሄዱ፤ ቅርንጫፉን የያዘ ሰው ከሟቹ በቀር ከማንም ጋር ስለማይነጋገር፣ ስለ እኔ የሚያወራ ሰው ያስፈልግ ነበር። ለማውራት ደግሞ ከእሳቸው የተሻለ ሰው በአገራችን በምሲንጋ የለም። ሆስፒታሉ ውስጥ ነርሷ ስትከለክለን እትዬ ማዞንዲ ስለ ወገብ ሕመማቸውና ስለ ልጃቸው ፍቺ ሁሉ ነግረዋት፣ ልጅቷ ለመገላገል ብላ አስገባችን። አባባ የሞቱበት አልጋ ላይ አንድ ከሲታ ሽማግሌ ተኝተው ነበር። ቅርንጫፉን ሲያዩ ገባቸው። “አደራ ልጄ፣ ለይተሽ ውሰጂ። እኔ ገና አልጨረስኩም” አሉ። ክፍሉ በሙሉ ሳቀ፣ እኔም በልቤ ሳቅሁ። ከዚያ ቅርንጫፉን አልጋው ላይ አድርጌ በጎሣችን የውዳሴ ስም እየጠራሁ “አባባ፣ ማቺንግዋኔ፣ ፓካዴ፣ ጋቢሲሌ ነኝ። ብዙ አቆየንዎት። ይነሱ፣ ወደ ቤት እንሂድ” አልኳቸው። እጄ ላይ ከበደኝ። ቅርንጫፍ ነው ትለኝ ይሆናል፤ እኔ የተሰማኝን ነው የምነግርህ።

ከዚያ በኋላ ወጉ እንደሚለው እያንዳንዱን እርምጃ ነገርኳቸው፤ አንዱንም አላስቀረሁባቸውም። ደረጃ ስንወርድ “ደረጃ ነው”፣ ሚኒባስ ስንገባ “እዚህ ይቀመጡ፣ በመስኮቱ በኩል” እያልኩ መጣሁ። ለሦስት ሰው መቀመጫ ከፍለናል። አንዲት ወፍራም ሴትዮ ቅርንጫፉን ገፋ አድርጋ ልትቀመጥ ስትል እትዬ ማዞንዲ “እመቤት፣ ሰው አለበት!” ብለው አስደነገጧት። ሹፌሩ ምኪዜ የሚባል የእኛው ሰው ነው፤ ዞር ብሎ አየና ሙዚቃውን ዘጋ። የቫልን ወንዝ ስንሻገር ነገርኳቸው። ከተራራው ቁልቁል ስንወርድ ጆሯቸው እንዳይደፈን ሳይቀር አስጠነቀቅኳቸው።

ሌዲስሚት መናኸሪያ ደርሰን መኪና መቀየር ነበረብን። እዚያ የሆነውን አሁን እጽፍልሃለሁ፣ ለማንም ያልተናገርኩት ነው። እትዬ ማዞንዲ ስለ ሻንጣ ከረዳቱ ጋር ሲጨቃጨቁ፣ ለትምህርት ቤታቸው ዩኒፎርም የምሰፋላቸው ሁለት አስተማሪዎች ካፖርታቸውን ለብሰው ከፊቴ ቆሙ። “ጋቢሲሌ! ምን ተሸክመሽ ነው እንዲህ በእሾህ የተከበብሽው? ማገዶ ነው?” አለችኝ አንደኛዋ፣ እየሳቀች። የአንተ ደብዳቤ ቦርሳዬ ውስጥ ነበር። ጨለማ ያልከው ቃል በዚያች ቅጽበት ጆሮዬ ላይ ጮኸ። እኔም ራሴን ነቀነቅሁ፤ አዎ፣ ማገዶ ነው ብዬ። ቅርንጫፉን በጋቢዬ ሸፈንኩት፣ አንዲት ቃል ሳልተነፍስ ቀጣዩ መኪና ውስጥ ገባሁ። እሾሁ ክንዴን ቧጨረኝ።

የቱኬላ ድልድይ ላይ ስንደርስ “አባባ፣ ወንዛችን ነው” አልኩ። ያን ጊዜ ባዶ ወንበር እንደማናግር ገባኝ። ሌዲስሚት ላይ ይውረዱ አላልኳቸው፣ ይከተሉኝ አላልኳቸው። አባታችን ሳይነገራቸው የማይነሱ ሰው ናቸው፤ ጌቶቻቸው እንኳ በር ጠብቅ ካሏቸው ቤቱ ቢቃጠል አይነቃነቁም ነበር።

ከመንገዱ እስከ ቤታችን ስወጣ ምን እንዳሰብኩ ልንገርህ፤ ዝም ብዬ ልግባ ብዬ ነው ያሰብኩት። ማን ያውቃል? ሰው ተሰብስቦ እየዘመረ ነው፣ ፍየሉ ታስሮ ይጠብቃል፣ የማሽላ ጠላው ፈልቷል። አጎታችን በሩ ላይ ኮፍያቸውን አውልቀው እንደ ወጉ ጠየቁ፤ “ይዘሻቸው መጣሽ?” አሉ። አፌን ስከፍት “አዎ” ሊወጣ ነበር። የወጣው ግን “አልመጡም፤ ሌዲስሚት ቀርተዋል፣ መውረዳችንን ሳልነግራቸው” የሚለው ነው።

ዘፈኑ ቀጥ አለ። አንድ ሰው ሳቁን ሊያፍን ብሎ አስነጠሰው። አጎታችን ኮፍያቸውን መልሰው ደፉና “ሴት የላከው ሞት አይፈራም ሲባል ሰምቻለሁ። ሴትን የላከ ምን እንደሚያገኝ ግን ዛሬ ገና አየሁ። ላሟን አምጪ ብንላት ገመዱን ይዛ መጣች!” አሉ። ከዚያም ጠጋ ብለው በሹክሹክታ “አገር ሳይስቅብን ዝም ብለሽ ግቢ። ፍየሉ ይታረድ፣ የቀረውን የሞቱት አባቶቻችን ራሳቸው ያስተካክሉታል” አሉኝ። እግሬ ወደ በሩ አንድ እርምጃ ሄዶ እንደነበር አልደብቅህም።

እማዬ ናት ያቆመችኝ። በጥቁር ልብሷ ሰው ፊት መውጣት የማይገባት ሴት፣ ከጎጆዋ ወጥታ ግድግዳውን ይዛ ቆመች። ምን ያህል እንደከሳች የዚያን ጊዜ ሁሉም አየ። “ጋቢሲሌ፣ ተመለሺና አምጪው። ሁለት ዓመት የጠበቅሁ ሴት ሁለት ቀን አያቅተኝም” አለች። ቀጥላም ወደ አጎታችን ሳታይ “ፍየሉን ፍቱት፣ ሣር ይጋጥ” አለች። ውሃ እንኳ ሳልቀምስ ከበሩ ተመለስኩ። እትዬ ማዞንዲ ጫማቸውን አውልቀው እግራቸውን ማሸት ጀምረው ነበር፤ ሲያዩኝ መልሰው አጠለቁ። “አባትሽ በሕይወት እያሉም እንዲሁ ሲያንከራትቱን ኖረዋል” አሉ እንጂ ልቅር አላሉም።

ያ መኪና ወደ ጆሃንስበርግ ተመልሶ ስለነበር መናኸሪያው ውስጥ አደርን። በማግሥቱ ረፋድ ላይ ምኪዜ መጣ፤ እትዬ ማዞንዲ የሆነውን ነገሩት። ይስቅብኛል ብዬ ስፈራ፣ እሱ ግን መሪውን እንደያዘ ትንሽ አሰበ። “እንግዲያው ሽማግሌው ከእኔ ጋር ጆሃንስበርግ ደርሰው ተመልሰዋል ማለት ነው። ይደክማቸዋል። ቀስ ብለሽ አናግሪያቸው” አለኝና ተሳፋሪውን በሙሉ አስወርዶ በሩን ከፈተልኝ።

ሙዚ፣ መናኸሪያው ጢም ብሎ ነበር። ሙዝ ሻጭ፣ ወታደር፣ ተማሪ፣ ካፖርት የለበሰም ያልለበሰም ሁሉ ነበር። ቅርንጫፉን ወንበሩ ላይ አስቀመጥኩና ከሆዴ ጮህኩ። “አባባ! ማቺንግዋኔ! ፓካዴ! ትናንት ያፈርኩብዎት ልጅዎ ነኝ። ማገዶ አይደሉም። አባቴ ነዎት። ይቅር ይበሉኝና ይነሱ፣ እዚህ ነው የምንወርደው!” እንባዬ አገጬ ላይ ይንጠባጠባል፣ እኔ እጮኻለሁ። ከሰልፉ መካከል አንድ የማላውቀው ሰው፣ የእኛው ጎሣ መሆን አለበት፣ “ማቺንግዋኔ!” ብሎ መለሰ። ሌላም መለሰ። እየጠራኋቸው በሰዉ መካከል አለፍኩ፣ ሰውም መንገድ ለቀቀልን። ከዚያች ሰዓት ጀምሮ ድምፄን አልቀነስኩም። የድልድዩ ላይ ጩኸቴን ዓሣዎቹም ሳይሰሙ አልቀሩም።

ቤት ስንደርስ አጎታችን በዚያው በር ላይ ቆመው በዚያው ቃል ጠየቁኝ። “አዎ፣ ይዣቸው መጥቻለሁ” አልኩ። ፊቴን ለረጅም ጊዜ አዩት። ከዚያ ኮፍያቸውን አወለቁ፣ ከፊቴ ከፊቴ እየሄዱ የአያት ቅድመ አያቶቻችንን ስም እየጠሩ አስገቡን። ድምፃቸው ሁለት ጊዜ ተሰበረ። ፍየሉም ሲታረድ በጊዜው ጮኸ፤ አባቶች ተቀበሉት ማለት ነው። ቅርንጫፉን ከጎጆው ጓዳ፣ ከአባቶች ቦታ አስቀመጥነው። እማዬ እየዳኸች ሄዳ ፊት ለፊቱ ተቀመጠች። እኔ ልቅሶ ጠብቄ ነበር። እሷ ግን ልክ ከከብት ጥበቃ ዘግይቶ የመጣን ባል እንደምትቆጣ ሚስት፣ “ቆየህ” አለች። ያን ቀን ሰሌኗን ከበሩ ሥር አንሥታ ወደ ውስጥ አነጠፈች፣ ሳትባንንም ነጋላት። አሁን ገንፎዋን በእርጎ ጥርግ አድርጋ ትበላለች።

የቀረው አንድ ነገር ነው። በሴፕቴምበር የመጀመሪያው ቅዳሜ በሬ ይታረዳል፣ ጥቁሩ ልብስም ይቃጠላል። በበረቱ ውስጥ ቆሞ ለአባቶች የሚናገረው ወንድ ልጅ ነው፣ ያም አንተ ነህ። ማመን አለማመንህን ማንም አይጠይቅህም፤ እኔም አልጠይቅህም። እንድትቆም ብቻ ነው። ካልመጣህ እኔ እቆማለሁ። ለአጎታችን ነግሬያቸዋለሁ፤ “የቤቱ ልጅ በቤቷ በረት ብትቆም ማን ይከለክላታል” ብለዋል፣ እሳቸው ናቸው ያሉት! አንተ ላይ አልፈርድም። ጨለማ ማለትህ ሳይሆን የእኔ ራስ መነቅነቅ ነው አባባን መናኸሪያ የጣላቸው። ግን ያቺን ቃል ለሁለተኛ ጊዜ እንዳትጽፍልኝ።

አንድ ነገር ደግሞ እወቅ። ዕድሜህን ያርዝመውና፣ እዚያ ከባሕሩ ዳር አንድ ነገር ብትሆን ቅርንጫፍ ይዤ እመጣለሁ። ብታምንም ባታምንም እመጣለሁ። በወደቡ፣ በመርከበኞችህና በቄስህ ፊት ስምህን እጠራለሁ። ከኬፕታውን እስከ ቱኬላ ስንት ወንዝ እንዳለ አንድ የአውቶቡስ ሹፌር ጠይቄ ነበር፤ አሥራ አንድ ቆጥሮ ሰለቸው። እያንዳንዱ ላይ እነግርሃለሁ።

ኖሉቩዮን በሁለቱም ጉንጮቿ ሳምልኝ። ጥርስ ያወለቀውን ወንድ አክስትህ ትኮራብሃለች በለው፣ ትንሿንም አንሥተህ አንድ ጊዜ ወደ ላይ ወርወር አድርግልኝ። እትዬ ማዞንዲ ሰላም ብለውሃል፤ ወገባቸው በአንተ ምክንያት እንደታመመ እንድጽፍ አዘዋል። አጎታችን ቤኪፋ ሰላም ብለውሃል፣ ትንባሆ ይዘህ ና ይላሉ። እማዬ ከእግር እስከ ራስህ ስማሃለች። አባባም ሰላም ብለውሃል፤ እቤት ናቸው።

እኅትህ ጋቢሲሌ ምቹኑ
ምሲንጋ፣ ከቱኬላ ማዶ
ጁላይ 19 ቀን 1998