በባጃጅ ስለሚዞረው ድምፅ

ለክቡር አቶ ኢላንጎቫን
በማዱራይ ከተማ የፓርቲው ቅርንጫፍ ኃላፊ

ክቡር ሆይ፣ ጤናዎ እንደምን ሰንብቷል? በዚህ የምርጫ ሰሞን ሙቀት ያ ብዙ የሚደክም ጉሮሮዎ እንዳይደርቅ ከልብ እመኛለሁ።

አንደኛ፣ ተቀናቃኝዎ የቀድሞዋ የፊልም ተዋናይት ወይዘሮ ፓድማጃ ባለፈው ወር ከአንድ ባለትዳር ሚኒስትር ጋር በስልክ ሲሽኮረመሙ ተቀዱ ያሉትን ድምፅ በባጃጅ ጭነው ለመላው ከተማ በነጻ ስላሰሙ አመሰግናለሁ። የተጠራጠረ ሰው የለም። ሻይ ሻጩ ሙሩጌሳን እንኳ «ኧረ ተው ጋሼ! ሲኒማ ቤት እየሰማሁት ያደግኩትን ድምፅ ነው የምስተው?» ብሎ ሳቀብኝ። በፊት የወይዘሮዋን ትልቅ ምስል እንደ ጣዖት አክብረው በወተት ያጥቡ የነበሩ ወጣቶችም አሁን የአሮጌ ጫማ ጉንጉን አንጠልጥለውበታል።

ሁለተኛ፣ ትንሽ እርማት ይፍቀዱልኝ። ወይዘሮ ፓድማጃ አፋቸውን የፈቱት በተሉጉ ቋንቋ ነው፤ የእኛን ታሚልኛ ሲናገሩ እስከ ዛሬ ይሰባበርባቸዋል። በፊልሞቻቸው ሁሉ እርሳቸው ከንፈራቸውን ሲያንቀሳቅሱ የሚሰማው ስሟ በፖስተር ላይ ወጥቶ የማያውቅ የሌላ ሴት ድምፅ ነበር። ያቺ ሴት ባለቤቴ ፑንኮዲ ናት። ፑንኮዲ ከሞተች ስድስት ዓመት ሆኗታል። እንግዲህ ሚኒስትሩ ባለፈው ወር ያወሩት ከመቃብር ጋር ነው፤ ለዚህ የስልክ መስመር መዘርጋት መንግሥትዎን ማመስገን ይገባል።

ሦስተኛ፣ ከፊልሞቹ ተቆራርጦ ስለተሰፋው ድምፅ። «ናፍቀኸኛል» የሚለው ቃል በአንዱ ፊልም ውስጥ አንዲት እናት በልጇ አስከሬን ላይ የምታለቅስበት ነው። ከሳቁ በፊት የምትሰማው ሳል ደግሞ በፊልሙ ድርሰት የተጻፈች አይደለችም፤ ፑንኮዲን የገደላት የጉሮሮ በሽታ ጅማሬ ናት። ባለሙያዎ ሳሏን መቁረጥ ረስቷል። እኔ ግን በሰማኋት ቁጥር ውሃ ላቀብላት እነሣለሁ።

አራተኛ፣ ወይዘሮ ፓድማጃ አደባባይ ወጥተው በገዛ ድምፃቸው «እኔ አይደለሁም» ቢሉ፣ ሕዝቡ «ደግሞ ድምፅሽን ለወጥሽ?» ብሎ አፏጨባቸው። ፓርቲያቸው ዓርብ በሚያደርገው ስብሰባ ከዕጩነት ሊያወርዳቸው ነው።

ስለዚህ ከዓርብ በፊት በእነዚያው ባጃጆች እውነቱን እንዲያሳውጁ በትሕትና እለምናለሁ። አለበለዚያ የፊልሞቹን ቅጂ ይዤ ስብሰባው ላይ እቆምና የለቅሶውን ትዕይንት ሙሉውን አሰማለሁ።

የሞተችን ሴት ከነሳሏ ቀስቅሰው ቤቱ ድረስ ያመጡለት፣ ውለታዎን የማይረሳ
ማኒማራን

ማስታወሻ፦ ባጃጅዎ በደጃችን ባለፈ ቁጥር ዓይነ ስውሯ አማቴ «ልጄ መጣች፣ ክፈቱላት!» እያሉ እየተደናበሩ ወደ በሩ ይሄዳሉ። እኔ ብነግራቸው አያምኑኝም። ነገ ሹፌርዎ ሲያልፍ እባክዎ ይውረድና እርሱ ይንገራቸው።